በሰው እጅ

የሰፈሩ ሰው «ሐውልት» ይላታል። ስሙ የወጣላት አንድ ቀን አውቶቡስ ተራው መሀል ዓይኗን ጨፍና፣ ሁለት መዳፏን ዘርግታ፣ ከረፋዱ ጀምሮ ፀሐይ እስክታዘቀዝቅ ሳትንቀሳቀስ ቆማ በመዋሏ ነው። አላፊ አግዳሚው መጀመሪያ እብድ ናት አለ፤ ቀጥሎ ለማኝ ናት አለ። በመጨረሻ አንድ ፖሊስ መጥቶ «እህቴ፣ እዚህ መቆም የሚፈቀደው አውቶቡስ ለሚጠብቅ ሰው ነው» ብሎ በክንዷ ይዞ አወጣት። ይህን ያየ ጎረቤት ወሬውን ከእሷ ቀድሞ ሰፈር አደረሰው። ከዚያ ወዲህ ሐውልት ሆና ቀረች።

ነገር ግን ዕድሜዋን ሙሉ ቆማ የኖረች ሴት አይደለችም። ከልጅነቷ ጀምሮ የቴአትር ቤት ዳንሰኛ ነበረች። ከኋላ መስመር ነው የምትጨፍረው፤ ፊቷን ያወቀ ተመልካች የለም፣ ስሟም ማስታወቂያ ላይ ወጥቶ አያውቅም። ቢሆንም መብራቱ ሲበራ የሚሰማትን እሷ ታውቀዋለች። አንድ ቀን ልምምድ ላይ ጉልበቷ ቀጭ አለ። ሐኪሙ አየና «ከእንግዲህ ደረጃ ስትወጪም አስቢበት» አላት። ቴአትር ቤቱ አላባረራትም፤ ልብስ ክፍል አስገባት። እዚያ የተዋናዮችን ልብስ ትተኩሳለች፣ የተበጠሰ ቁልፍ ትተክላለች፣ በላብ የራሰ ካባ ታናፍሳለች።

ሌላ ሰው ቢሆን በዚህ ይበቃው ነበር። እሷን ግን ገላዋ አላስቀምጥ አላት። መጨፈር ባትችልም መቆም ትችላለች፤ መተኛት ትችላለች፤ መውደቅም ትችላለች። እንዲህ ዓይነት ሥራ የሚሠሩ ጥቂት ሰዓሊዎች ዘንድ መመላለስ ጀመረች። እነሱ «ፐርፎርማንስ» ይሉታል። ሸራ የለ፣ ቀለም የለ፤ ሠሪውም ሥራውም ያው አንዱ ገላ ነው። ይህን ለታላቅ እህቷ ልታስረዳት ሞክራ ነበር። እህቷን «እትዬ» ነው የምትላት። እትዬ ልብስ ሰፊ ናት፤ ከሚኖሩበት ቤት ሥር ባለች ጠባብ ክፍል መኪናዋን ተክላ ሱሪ ታሳጥራለች፣ ዚፕ ትቀይራለች። የምታወራው መርፌ በከንፈሯ ይዛ ነው።

«ፐርፎር ምን?» አለች።

«ፐርፎርማንስ።»

«ፐርፎር ማነስ በይው! ስሙ ራሱ ማነስ አለበት።»

ሁለቱም የሚኖሩት ከእናታቸው ጋር ነው። እናታቸው ጡብ ፋብሪካ ሠርታ ጡረታ የወጣች ሴት ናት። ባሏ ሲሞት አንዷን አዝላ፣ አንዷን አንጠልጥላ፣ ማንንም ሳታስቸግር አሳድጋቸዋለች። ሲያመሰግኗት እንኳ የምትቆጣ ዓይነት ናት። በሕይወቷ ፈጣሪን አንድ ነገር ብቻ ነበር የለመነችው፤ «አደራህን፣ በሰው እጅ አትጣለኝ።» አልተሰማላትም። ስትሮክ መታትና የቀኝ ጎኗ እንደ ሌላ ሰው ጎን ሆነ። አፏም ግማሹ ታዘዘላት፣ ግማሹ አመፀ።

ልጆቿ ተራ ገቡ። ጠዋት ሐውልት ከአልጋ ታነሳታለች፤ ከሰዓት በኋላ እትዬ ሥራዋን እያቋረጠች ከታች ትወጣለች፤ ማታ ሁለቱም ናቸው። ማንሳት ሲባል ቀላል ይመስላል። እግርሽን በእግሮቿ መሀል ታስገቢያለሽ፣ ጤነኛ እጇን አንገትሽ ላይ ታደርጊያለሽ፣ በብብቷ ሥር ታቅፊና ወደ ራስሽ ስበሽ፣ ዞረሽ፣ ወንበሩ ላይ ታሳርፊያለሽ። ችግሩ እናትየው ማፈሯ ነው። ልጇ እጇን ስታስገባ ገና ትደርቃለች። ጥርሷን ትነክሳለች፣ ትከሻዋን ትሰቅላለች፣ የማይታዘዘው እግሯ ሳይቀር ግትር ይላል። የደረቀ ሰው ደግሞ ይከብዳል። ያቺ አጥንቷ ብቻ የቀረ ሴትዮ የፋብሪካውን ጡብ በሙሉ ተሸክማ የምትነሳ ይመስል ነበር።

«እማዬ፣ አትድረቂብኝ። ልቀቂው» አለቻት አንድ ጠዋት ሐውልት፣ ትንፋሿ ቁርጥ ቁርጥ እያለ።

«ምኑን?»

«ሰውነትሽን ነዋ። ክብደትሽን ለኔ ስጪኝ።»

እናቷ በግማሽ አፏ፣ ቃሉን እየጎተተች፣ «እንዴት ነው እሱ የሚለቀቀው? አንቺ ታውቂዋለሽ?» አለች።

ሐውልትን መድረክ ላይ ስንት ወንድ አንስቷታል። ዳንሰኛ ግን ሲያነሱት ራሱ ይዘላል፣ ሆዱን ይስባል፣ ክብደቱን ይሰርቅላቸዋል። ተነስታ ታውቃለች እንጂ ተሸክመዋት አያውቁም። ቀኑን ሙሉ ልብስ ስትተኩስ ጥያቄው ከጭንቅላቷ አልወጣ አለ።

ከተማው ውስጥ ድሮ ማተሚያ ቤት የነበረ፣ አሁን ሥዕል የሚታይበት አዳራሽ አለ። ኃላፊዋ መነጽሯን ግንባሯ ላይ ሰቅላ መነጽሯን የምትፈልግ፣ ቀና ሴት ናት። ሐውልት ሄዳ ሐሳቧን ነገረቻት። በአዳራሹ አንድ ጫፍ አግዳሚ ወንበር ይቀመጣል፤ በሌላው ጫፍ እንዲሁ። እሷ በአንደኛው ላይ ትተኛለች። ግድግዳው ላይ «እባክዎ ወደ ማዶ ያድርሱኝ። ራሴን አልረዳም» የሚል ጽሑፍ ይለጠፋል። አትናገርም፣ አታግዝም። አንዱ ካደረሳት በኋላ ሌላው ይመልሳታል። ኃላፊዋ ወደደችው፤ ሳምንቱን ከሰዓት በኋላ ከሰዓት በኋላውን ሰጠቻት።

እትዬ ስትሰማ መርፌዋን ከአፏ አወጣች። ይህን የምታደርገው ነገሩ ሲከርርባት ብቻ ነው።

«ቤት ውስጥ የተሸከምሽው አልበቃ ብሎሽ ውጭ ደግሞ ልትሸከሚ?»

«ልሸከም አይደለም እትዬ፤ ሸክም ልሆን ነው።»

«እሱማ እዚህም እየሆንሽልኝ ነው! ምን አዳራሽ አስፈለገሽ?»

ተናገረች እንጂ አልከለከለቻትም። ሐውልት ከቴአትር ቤቱ ፈቃድ ወሰደች፤ ማታ ደክማ ስለምትገባ፣ የማታው ሸክም ሳምንቱን በእትዬ ላይ ወደቀ።

የመጀመሪያው ቀን ማንም አልነካትም። ሰው ይገባል፣ ይዞራታል፣ ፎቶ ያነሳታል፣ ይወጣል። «ሰም ናት እንዴ?» አለች አንዲት ሴት። «ትተነፍሳለችኮ» አለ ባሏ፤ ተስማምተው ሄዱ። አንድ ጺማም ተማሪ ለጓደኞቹ ስለ ሰው ልጅ ደካማነት ረጅም ነገር አወራ፤ ሲያወራ ስለሞቀው ጃኬቱን አውልቆ እግሯ ላይ አስቀመጠው። የፅዳት ሠራተኛዋ በመወልወያው እንጨት የወንበሩን እግር ነካ ነካ አደረገችና «እግዜር ይማርሽ» ብላ አለፈች። ሐውልት ጣሪያው ላይ ያለውን የውሃ ቧንቧ እያየች ዋለች። ምንም ሳትሠራ፣ መቼም ደክሟት የማያውቀውን ያህል ደከማት።

ቤት ስትገባ እናቷ ነቅታ ነበር። «አነሱሽ?»

«ማንም አልነካኝም።»

«አየሽ?» አለች እናትየው። እንዳሸነፈ ሰው ነበር አነጋገሯ፤ ግን ደስ ያላት አትመስልም።

በማግሥቱ ሁለት ጎረምሶች ገቡ። ጽሑፉን አነበቡ፣ ተያዩ፣ እጅጌያቸውን ሰበሰቡ። «አንተ በእግር በኩል ያዝ። ቀስ! ግድግዳው እንዳይነካት!» «ባለፈው ፍሪጅ ሳነሳ ነው ወገቤ የሄደው።» «ይቺማ ከፍሪጅ ትሻላለች፣ ጫፍ የላትም።» ሐውልት ሳቋ መጣ፤ ዋጠችው። ማዶ ሲያስቀምጧት ግን መንጋጋዋ እንደ ድንጋይ ሆኖ፣ ጣቶቿ ቀሚሷን ጨምድደው አገኘቻቸው። መልቀቋ ቀርቶ እንደ እናቷ ደርቃ ነበር የተጓዘችው።

ቀጥለው ሌሎች መጡ። አንዲት በዕድሜ ገፋ ያለች ሴት ብቻዋን ሞከረቻት። ከብብቷ ሥር ገባች፣ «አይዞሽ፣ አይዞሽ» እያለች ትንሽ ጎተተቻት፤ ሳሙና ሳሙና ትሸታለች። መሀል ላይ ስትደርስ አቅሟ አለቀና ቀስ ብላ ወለሉ ላይ አጋደመቻት። «ከዚህ ወዲያ አልችልም። ይቅርታ አድርጊልኝ» አለቻት። እያየቻት፣ ወደ ኋላ እየዞረች፣ ወጣች።

ሐውልት መሀል ወለል ላይ ቀረች። ጉንጯ ሲሚንቶው ላይ ነው። የሚታያት ጫማ ብቻ ነው፤ የሚመጣ ጫማ፣ የሚያመነታ ጫማ፣ ዞሮ የሚያልፍ ጫማ። «እዚያ ጋ መሆን አለባት መሰለኝ፣ ሥራው እንደዚህ ነው» የሚል ድምፅ ሰማች። ተነስታ መሄድ ትችል ነበር፤ ሁሉም ያውቃል፣ እሷም ታውቃለች። የማይችል ሰው ግን እንዴት ነው የሚያደርገው? እናቷ በዚህ ሰዓት እትዬ ከታች እስክትመጣ እየጠበቀች እንደሆነ ትዝ አላት።

ዘበኛው ናቸው የደረሱላት። ትልቅ ሰው ናቸው። ከበሩ ተነስተው መጥተው አጠገቧ ቆሙ። «ልጄ፣ ደንቡ አትናገሪ ይላል አሉ። እሺ፣ አትናገሪ። ሲሚንቶው ግን ደንብ አያውቅም» አሉና ካፖርታቸውን አውልቀው አለበሷት። ከዚያ ወደ ውጭ ወጥተው መንገደኛ ለመኑላት። ያን ቀን ሐውልት ዓይኗ እንባ ሞላ፤ የማንን ልቅሶ እንደምታለቅስ ግን ለራሷም አልታወቃት።

ወሬው ተሰማና በቀጣዮቹ ቀናት አዳራሹ ሰው በሰው ሆነ። የሚያነሳት በዛ። ጥሩ አድርገው የያዟት አሉ፤ ሲያነሷት ሚስታቸውን የሚሰድቡ አሉ፤ ዓይናቸውን የጨፈኑ አሉ። አንዲት ልጅ እግር ሴት አቅፋ ካደረሰቻት በኋላ ሳትሄድ አጠገቧ ቁጭ ብላ ቆየች። ሐውልት አንዳንዴ አንገቷ ሲላላ፣ ክብደቷ በሰው ክንድ ላይ ሲፈስ ተሰምቷት ያውቃል። ግን ለአፍታ ነው፤ ወዲያው ተመልሳ ትደርቃለች። ማታ ወደ ቤት ስትሄድ ሰውነቷ ሁሉ የሰው ጣት ጣት ይላል።

መጨረሻው ቀን ሊዘጋ ሲል አንድ ከረባት ያሰረ ሰውዬ ከሥራ ጓደኞቹ ጋር ገባ። ምሳ ላይ ጠጣ ጠጣ አድርገው የመጡ ይመስላሉ፤ ፊታቸው ቀልቷል። «ዞር በሉ፣ ይቺማ ላባ ናት!» ብሎ ብቻውን ብድግ አደረጋት። ጓደኞቹ ስልካቸውን አወጡ። «ወደዚህ ዙር!» አሉት፤ ዞረላቸው። «አንዴ ደግሞ!» አሉት፤ ዞረ። ሐውልት ደንቧን ጠብቃ ክንዷን አንጠልጥላ፣ አንገቷን ጥላ ነበር። ሰውዬው ሲዞር ጫማው የወንበሩን እግር መታው፤ ተንገዳገደ፤ እሷም ከክንዱ አመለጠች። አየር ላይ ሳለች እጇ ማንንም ሳያስፈቅድ ወደ ወለሉ ተዘረጋ። የእጇ አንጓ ሲሰበር ድምፁን አዳራሹ በሙሉ ሰማው።

ጓደኞቹ በኋላ በር ተበተኑ። እሱ ግን አልሄደም። ክሊኒክ ወስዷት፣ ራጅ እስክትነሳ ቆሞ፣ ጄሶ ሲያደርጉላት አጠገቧ ተቀመጠ። ከረባቱን ፈትቶ ጣቱ ላይ ጠምጥሞታል። «ለምን አልያዝሽኝም?» አላት።

«ጽሑፉ አልረዳም ይላል።»

«እሱንማ አንብቤዋለሁ። ግን አንገቴን እንኳ ብትይዢኝ... ልጄን ሳነሳት ትይዘኛለች። እንቅልፍ ወስዷት እንኳ ትይዘኛለች።» «ሰው ሲያነሱት ይይዛል እኮ!»

ሐውልት አየችው። አይዞህ ልትለው ፈልጋ ነበር፤ ማጽናናትም ግን ጉልበት ይጠይቃል። ፊቷን ወደ ጄሶው መለሰች።

ቤት ስትደርስ እትዬ ደረጃው ላይ ቆማ ጄሶውን አየች። አልጮኸችም። ብትጮህ ይሻል ነበር። «ግቢ» አለቻት።

ከዚያ በኋላ ያለው ጊዜ ለእትዬ ከባድ ሆነ። ጠዋት እናቷን ታነሳለች፣ ታጥባለች፣ ትመግባለች። ቀጥላ እህቷን ቀሚስ ታጠልቅላታለች፣ ፀጉሯን ታበጥርላታለች፣ ዳቦ ትቆርስላታለች። ቀጥላ ወርዳ መኪናዋ ላይ ትቀመጣለች። ሐውልት በአንድ እጇ ሳህን ላጥብ ብላ ስትነሳ ይሰበርና ሥራ ትጨምርባታለች። እናትየው ከአልጋዋ ሆና ሁለቱን ታያለች።

አንድ ቀን እኩለ ቀን ላይ እትዬ እናቷን ከወንበር ወደ አልጋ መለሰቻት። ትራሱን አስተካከለች፣ ብርድ ልብሱን ጎተተችላት። ከዚያ ጀርባዋን ለግድግዳው ሰጥታ ቀስ ብላ ተንሸራተተችና ወለሉ ላይ ቁጭ አለች።

«እትዬ፣ ተነሺ እንጂ» አለች ሐውልት።

«አልነሳም።»

«ምነው? አመመሽ?»

«አላመመኝም። ሰለቸኝ።» ድምፅዋ የቁጣ አልነበረም፤ ተራ ወሬ የምታወራ ነው የሚመስለው። «እማዬን የማነሳ እኔ፣ አንቺን የማለብስ እኔ፣ የሰው ሱሪ የማሳጥር እኔ። ለመሆኑ እኔን የሚያነሳኝ ማነው? ጎዳና ያመጣው ሁሉ ተሸክሞሽ ዋለ። አንቺ ግን አንድ ቀን እንኳ "እትዬ፣ ዛሬ ጋደም በይ" ብለሽኝ ታውቂያለሽ?»

ሐውልት ለማስታወስ ሞከረች፣ ፈለገች፣ አጣች። ሄዳ አጠገቧ ተቀመጠች። እትዬ ራሷን ትከሻዋ ላይ ጣለችው፤ ከዚያ ትከሻዋን፤ ከዚያ መላ ገላዋን። ሐውልት እህቷ ይህን ያህል ትከብዳለች ብላ አስባ አታውቅም። ጄሶው ሥር አንጓዋ ጠዘጠዛት፣ ጉልበቷም ተቆጣ፤ ቻለችው።

ከታች አንድ ሰው፣ «እመቤት፣ ሱሪው ደረሰ?» ብሎ ተጣራ።

«አልደረሰም!» አለች እትዬ ከወለሉ ሳትነሳ። «ነገም አይደርስ!»

ከአልጋው ላይ እንግዳ ድምፅ መጣ። ቀና ሲሉ እናታቸው እየሳቀች ነው። በግማሽ አፍ ሲሳቅ ልቅሶ ይመስላል፤ ግን ሳቅ ነበር። ከታመመች ወዲህ ስትስቅ አላዩዋትም። ሳቋ ሲያልቅ እንባዋን በጤነኛ እጇ ጠረገችና፣ «ፀጉር ሠሪዋን ጥሩልኝ» አለች።

ፀጉር ሠሪዋ በላይኛው ፎቅ የምትኖር ጎረቤት ናት። ስትወጣ ስትወርድ በሩን እያንኳኳች «ላግዛችሁ?» ስትል ነው የከረመችው። እናትየው ግን «እንዲህ ሆኜ ባዕድ የሚያየኝ ሞቼ ነው» ብላ ስለማለች፣ ልጆቿ ደጅ ላይ «ተኝታለች» እያሉ ሲመልሷት ኖረዋል።

እትዬ አፍንጫዋን እየጠረገች፣ «ፀጉርሽን ልትሠሪ ነው እማዬ?» አለች።

«ልነሳ ነው» አለች እናትየው። ወደ ግድግዳው ዞረች።

ፀጉር ሠሪዋ ክንደ ብርቱ፣ አፈ ፈጣን ሴት ናት። የመጀመሪያው ጠዋት እናትየው እንደ ግንድ ደርቃ፣ ዓይኗን ጨፍና ተነሳችላት። ሁለተኛው ቀን ያው ነው። ሌላ ቀን ግን ፀጉር ሠሪዋ እንደ ልማዷ ወሬዋን ይዛ ገባች። አንዲት ደንበኛዋ ባሏ የማያውቀው ቀለም ልትቀባ መጥታ፣ ፀጉሯ አረንጓዴ ሆኖ፣ በሻሽ ተጠቅልላ ስትወጣ ባሏን በር ላይ አገኘችው። «እና ምን አላት?» አለች እናትየው እየጓጓች፤ ሳታውቀው እጇ የሴትዮዋን አንገት ይዞ፣ ወሬው ሳያልቅ ወንበሩ ላይ ደርሳለች። ሁልጊዜ እንዲህ ነበር ማለት አይደለም። የምታለቅስበትም፣ አትንኩኝ የምትልበትም ቀን ነበር። እትዬ ግን በእነዚያ ጠዋቶች ፀሐይ እስክትሞቅ መተኛት ጀመረች።

የአዳራሹ ኃላፊ ብርቱካን ይዛ ሐውልትን ልትጠይቅ መጣች። ሰዉ ስለ ሥራው እያወራ መሆኑን፣ እጇ ሲድን መድገም እንዳለባት ነገረቻት።

«ጽሑፉ መለወጥ አለበት» አለች ሐውልት።

«ምን ተብሎ?»

«እንጃ። አሁን ደክሞኛል።»

ኃላፊዋ ዓይኗ በራ። «ድካሙስ ሥራ አይሆንም? አስቢው እስቲ፣ ደካማ ገላ...»

«አይ» አለች ሐውልት። «ይሄኛው የኔ ብቻ ይሁን።»

ኃላፊዋ ቅር አላላትም፤ መነጽሯን ግንባሯ ላይ አግኝታ፣ ስማት ሄደች።

ጄሶው ሲፈታ ከውስጡ የወጣው ክንድ ቀጭን፣ ነጣ ያለ፣ የሌላ ሰው ክንድ ነበር የሚመስለው። ወደ ልብስ ክፍል ተመለሰች። ካውያው መጀመሪያ ላይ ከበዳት፤ ቀስ በቀስ ለመደችው።

አንድ ጠዋት ፀጉር ሠሪዋ ዘመድ ልትጠይቅ ሄዳ፣ እትዬ ተኝታ፣ ሐውልት እናቷን ልታነሳ ብቻዋን ገባች። እግሯን አስገባች፣ አቀፈቻት፣ ብድግ አደረገቻት። ግማሽ ላይ ስትደርስ ክንዷ ተንቀጠቀጠ። እናቷ ተሰማት፤ አንገቷን ጥብቅ አድርጋ ይዛ፣ «ተይው፣ እንመለስ» አለቻት። ተያይዘው አልጋው ጫፍ ላይ ተመልሰው ዘፍ አሉ። ሁለቱም ያለከልካሉ።

«ደክሞሻል» አለች እናቷ።

«አዎ።»

«እኔም።»

ተደጋግፈው ተቀመጡ። መስኮቱ ላይ ካፊያ ይመታል፤ ታች መንገዱ ላይ ሰዎች ጋዜጣ ራሳቸው ላይ አድርገው ይሮጣሉ። እትዬ ፀጉሯ ተንጨባርሮ፣ ዓይኗን እያሸች መጣችና በር ላይ ቆመች። ምንም ሳትጠይቅ በእናቷ በሌላው ጎን ተቀመጠች።

«ዛሬ እሑድ ነው?» አለች እናትየው።

«እሑድ ነው።»

«እንግዲያው ምን አስቸኮለን?»